ዘጠኝ ቀን ያልተጸለየለት

ኤሊሂዮ የተካነበት ሥራ አንድ ብቻ ነበር፤ አንድ ሰው መሸኘት። የቤዝቦሉ ጨዋታ ሲከብድና ከወዲያኛው ቡድን ግራኝ መቺ ዱላውን ትከሻው ላይ አድርጎ ሲወጣ፣ በሜዳው ጥግ ተጠባባቂ ወርዋሪዎች በሚቀመጡበት አጥር ውስጥ ስልክ ይደወላል። ኤሊሂዮ ይነሳል፤ ሶምሶማ እየሮጠ ወደ መወርወሪያው ጉብታ ይሄዳል፤ በግራ እጁ ሦስት ወይም አራት ኳስ ይወረውራል። መቺው ሦስት ጊዜ ስቶ ሲወጣ አሠልጣኙ መጥቶ ኳሱን ከእጁ ይቀበልና ጨዋታውን የሚቀጥል ሌላ ሰው ያስገባል። ግራኝ የወረወረውን ግራኝ አያየውም ይባላል፤ ኳሱ ከጀርባው ዞሮ የመጣ ይመስለዋል። እንደ ኤሊሂዮ ያሉ ሰዎች ለዚያች ቅጽበት ሲባል ይቀጠራሉ። ተመልካቹ ፊታቸውን ሳይለይ መጥተው ይሄዳሉ።

በዚህ ሥራ አሥራ ስድስት ዓመት ቆየ። በአሜሪካ በአሥራ አንድ ከተሞች ተጫውቷል፤ ትልቁ ሊግ ሁለት ጊዜ ደርሶ ሁለቱንም ጊዜ ወቅቱ ሳያልቅ ወደ ታች መልሰውታል። በየዓመቱ ከጥቅምት እስከ ጥር ወደ አገሩ ወደ ዶሚኒካን እየመጣ ለፔሊካኖስ ቡድን ይጫወታል። ሠላሳ ሰባት ዓመቱ ነው። ወረቀቱ ላይ ግን ሠላሳ ሁለት ይላል፤ ወረቀቱ የእሱ አይደለምና። ስሙም የእሱ አይደለም።

ስሙ የዊልቶን ነው። ዊልቶን የአክስቱ የኔሬይዳ ልጅ ነበር፤ ያውም አንድ ልጅ። በሸንኮራው እርሻ መሃል ባለችው የቆራጮች መንደር፣ በባቴይ ሶሌዳድ፣ ሁለቱ በአንድ ግቢ አደጉ። ሁለቱም ግራኞች ነበሩ። ኤሊሂዮ በአምስት ዓመት ይበልጠዋል፤ መንደሩ ግን ወርዋሪ ሲል ዊልቶንን ማለቱ ነበር። ልጁ አንዲት ዝግ ያለች ኳስ ነበረችው፤ መቺው ፊት ስትደርስ ከጣሪያ ላይ እንደተለቀቀ ዕቃ ድንገት የምትወድቅ። ማንም አላስተማረውም። ኤሊሂዮ አያያዙን አየ፣ ለመነ፣ ወራት ሙሉ ሞከረ፤ አልሆነለትም። ዊልቶን እየሳቀ፣ አንተ ስትወረውር ታስባለህ፣ ችግርህ እሱ ነው ይለው ነበር።

ተጫዋች መልማዩ ዶን ሞንቾ የዊልቶንን የልደት ወረቀት ለአሜሪካኖቹ ላከ። ረጅም ግራኝ፣ ዕድሜው አሥራ ስድስት ብሎ። ሊያዩት ሊመጡ አሥር ቀን ሲቀር ልጁን ትኩሳት ያዘው፤ በሦስተኛው ቀን ሞተ። ዶን ሞንቾ የደረሰው ሬሳው ከቤት ሳይወጣ ነው። ኮፍያውን አውልቆ አለቀሰ፤ ለቅሶውም የምር ነበር። እንባውን ከጠረገ በኋላ በር ላይ የቆመውን ኤሊሂዮን ለረጅም ጊዜ አየው። ኤሊሂዮ ያኔ ሃያ አንድ ዓመቱ ነበር፤ አሜሪካኖቹ ደግሞ ከአሥራ ስምንት ያለፈውን ዞረውም አያዩ።

«ወረቀቱ አልሞተም» አለ ዶን ሞንቾ።

ልጁ በጎረቤት መንደር መቃብር ውስጥ፣ ስም በሌለው መስቀል ሥር ተቀበረ። ሞቱ መዝገብ ላይ አልሰፈረም። ከሁሉም የከበደው ግን ዘጠኙ ቀን አለመደረጉ ነው። በባቴይ ሶሌዳድ ሰው ሲሞት ጎረቤቱ ዘጠኝ ቀን ማታ ማታ ከቤቱ ተሰብስቦ ይጸልያል፤ በዘጠነኛው ቀን ነጭ ጨርቅ የለበሰው ጠረጴዛ ይፈርሳል፣ በሩ ወለል ብሎ ይከፈታል፣ ሟቹም በስሙ ተጠርቶ በቃህ ሂድ ይባላል። ስሙ ሳይጠራ የሚሄድ የለም። የዊልቶን ስም ከተጠራ ግን ዊልቶን መሞቱ ይሰማል። ኔሬይዳ ዶን ሞንቾን የጠየቀችው አንድ ጥያቄ ብቻ ነበር፤ እንዲህ ከሆነ የልጄ ስም ይኖራል ማለት ነው? ይኖራል አላት፤ በጋዜጣም ይወጣል። በእሺታ ራሷን ነቀነቀች።

ከዚያን ቀን ጀምሮ መንደሩ በሙሉ ኤሊሂዮን ዊልቶን ይለዋል። የገዛ እናቱ ቪርታ እስክትሞት ድረስ ዊልቶን ስትለው ኖረች። ኤሊሂዮ የት ገባ ብሎ የሚጠይቅ እንግዳ ከመጣ፣ በጀልባ ወደ ፖርቶ ሪኮ ተሻግሯል ይሉታል።

በዚህ ዓመት በኅዳር፣ ጨዋታ በሌለበት አንድ ሰኞ፣ ኔሬይዳ ሁለት ወንበር አውጥታ ኤሊሂዮን ከግቢው ማንጎ ጥላ ሥር አስቀመጠችውና ነገሩን አነሳች። ኩላሊቷ እየደከመ ነው፤ ሐኪሙ ብዙም አልደበቃትም። የሟቹን ስም መጀመሪያ የምትጠራው እናት ናት፤ እናት ሳትኖር ዘጠኙን ቀን የሚጀምር የለም። ስለዚህ በሕይወት ሳለች ለልጇ ይደረግለት ትላለች። ማታ ማታ አሥራ ሁለት ሰዓት ሲሆን ልጇ ግቢው ውስጥ እንደሚቆምም ነገረችው፤ ስለ ጎረቤት ዶሮ የምታወራ ይመስል ድምጿ አልተለወጠም።

«አይገባም» አለች። «አልተጠራማ። አይሄድምም፣ አልተሸኘማ።»

ኤሊሂዮ መሬት መሬቱን አየ። አንድ የአሜሪካ ቡድን ለየካቲት ልምምድ ጠርቶታል፤ በእሱ ዕድሜ ሌላ ጥሪ አይመጣም። ለቪዛው ጥር ላይ ከቆንስላው ቀጠሮ አለው። በመንደሩ የዊልቶን ጸሎት ከተጀመረ ወሬው ከተማ እስኪደርስ ሁለት ቀን አይፈጅም፤ ከዚያ በኋላ ዊልቶን ሙት ነው፤ ኤሊሂዮ ደግሞ ከአሥራ ስድስት ዓመት በፊት በጀልባ የሄደ ሰው። ይህን ሁሉ አስረዳት። ትንሽ ታገሺኝ፣ ይህች ወቅት ትለፍ አላት።

«እሺ ልጄ» አለችው። ቁጣ አልነበረባትም። ወንበሯን አጥፋ ገባች።

በቀጣዩ እሑድ ከሰዓት በኋላ፣ ጨዋታው ስድስተኛው ዙር ላይ ሳለ፣ ኤሊሂዮ በተጠባባቂዎቹ አጥር ውስጥ ሰውነቱን ያሟሙቅ ነበር። ኳሱን የሚይዝለት ቻጎ ነው፤ ስልሳ ዓመት ያለፈው፣ ጉልበቱ የተበላ፣ ከሠላሳ ዓመት በላይ ከዚህ አጥር ውስጥ የወርዋሪዎችን ኳስ ሲይዝ የኖረ ሰው። ኤሊሂዮ አንድ ኳስ ወረወረ። ኳሷ ዝግ ብላ ወጣች፤ መሃል መንገድ ላይ የቆመች መሰለች፤ ከዚያ ወደቀች። ቻጎ በጓንቱ ጫፍ መሬት ላይ ቀለባት። አልመለሰለትም። እያገላበጠ ያያት ጀመር።

«ማነው የወረወራት?»

«እዚህ ሌላ ሰው አለ እንዴ?»

«ተው አንተ ልጅ፣ አትቀልድብኝ። ዓይኔን ብታስረኝ እንኳ የማን ኳስ እንደሆነች በመዳፌ አውቃለሁ፤ እናት የልጇን ሳል እንደምታውቅ። ይቺ ያንተ አይደለችም።»

«አዲስ ናት። ስለማመዳት ከርሜ ነው።»

«በሠላሳ ሁለት ዓመትህ?»

ቻጎ ኳሷን መልሶ ወረወረለትና፣ ለባለቤቷ ንገረው፣ ቀስ ይበል፣ አውራ ጣቴን ሊያወልቀው ነው አለ። በአጥሩ ውስጥ የነበሩት ሳቁ። ስልኩ ተደወለ።

ያን ቀን የገጠመው መቺ በሊጉ የታወቀ ግራኝ ነበር። ኤሊሂዮ ስለዚያች ኳስ ላለማሰብ ወሰነ፤ የለመደውን፣ ፈጣኑንና ዝቅ ያለውን ሊወረውር ክንዱን አነሳ። ከእጁ የወጣችው ግን ያቺው ነበረች። መቺው ቀድሞ ዱላውን አወዛወዘ። ሁለተኛዋም፣ ሦስተኛዋም እንደዚያው። በሦስተኛዋ ሰውየው በጉልበቱ መሬት ላይ ወደቀ፤ ስታዲየሙ በሳቅ ፈረሰ። አሠልጣኙ ኳሱን ሊቀበለው ግማሽ መንገድ ከመጣ በኋላ አሰብ አድርጎ ተመለሰ። በአሥራ ስድስት ዓመት ውስጥ ኤሊሂዮ ከአንድ ሰው በኋላ ጉብታው ላይ የቀረበት ቀን በጣት የሚቆጠር ነው። ያን እሑድ አምስት ሰው ሸኘ።

ከዚያ ወዲህ ነገሩ በየጨዋታው ተደጋገመ። ወርዋሪ ሁሉ ከጨዋታ በኋላ ትከሻውን በረዶ ውስጥ ይነክራል፤ የኤሊሂዮ እጅ ግን በረዶ አላሻውም። ወርውሮ ሲጨርስ እንኳ አይሞቅም ነበር፤ ከክርኑ በታች እንደ ጉድጓድ ውኃ ይቀዘቅዛል። የኳሱ ፍጥነት በየሳምንቱ ጨመረ። ሸንኮራ ሲቆርጥ ገጀራ አውራ ጣቱ ሥር የተወለት ጠባሳ እየሳሳ ሄደ፤ በገና ሰሞን ፈልጎ አጣው። አንድ ቀን አጥሩ ላይ ለተንጠለጠሉ ልጆች ኳስ ላይ ሲፈርም፣ ፊደሎቹ ትልልቅና ክብ ክብ ሆነው ወጡ፣ መስመር ጠብቆ የሚጽፍ ተማሪ እንደጻፋቸው። የራሱ ፊርማ የተጣደፈና የተወላገደ ነበር። እስክሪብቶውን ወደ ቀኝ እጁ አዛወረና ለተቀሩት ልጆች መስመር ብቻ እየሳለ ሰጣቸው።

አሜሪካኖቹ ፍጥነት መለኪያቸውን ይዘው መጡ፤ ያዩትን ማመን አቅቷቸው በማግስቱ ሌላ መለኪያ አመጡ። ጓደኞቹ ልብስ መቀየሪያው ውስጥ ጢሙን እየነኩ፣ ይሄ ሰውዬ እየጎረመሰ ነው፣ በቅርቡ ድምፁም ይጎረንናል ይሉት ነበር። ዶን ሞንቾ ደውሎ ከልቡ ሳቀ።

«አየህ» አለው፤ «አሥራ ስድስት ዓመት የዋሸነው ወረቀት እውነት ሊሆን ነው።»

ኤሊሂዮ ስልኩን ከዘጋ በኋላ እጁን ጉልበቱ ላይ ዘርግቶ ተመለከተው። የሚያምር እጅ ነበር። የካቲት ላይ ይዞት ቢሄድ ማንም ወደ ታች የማይመልሰው እጅ። ይህን ማሰቡን አልካደም።

በጥር የመጀመሪያው እሑድ ኔሬይዳ ስታዲየም መጣች። በአሥራ ስድስት ዓመት ውስጥ አንድ ቀን እግሯ ረግጦት አያውቅም። በሰው መኪና መጥታ፣ ለቤተ ክርስቲያን የምትለብሰውን ግራጫ ቀሚስ ለብሳ፣ ከተጠባባቂዎቹ አጥር አጠገብ ባለው የመጨረሻ ረድፍ ተቀመጠች። ኤሊሂዮ ሲያሟሙቅ አያት። እጅ ነሳት፤ አልመለሰችለትም። የምታየው ፊቱን ሳይሆን ክንዱን ነበር። ጨዋታው አልቆ ሲፈልጋት ወንበሯ ባዶ ነበር።

በማግስቱ ወደ መንደሩ ሄደ። ሩዝና ባቄላ አቀረበችለት፤ እሷ ግን አልቀመሰችም። በልቶ እስኪጨርስ ጠበቀችው።

«አየሁት» አለች።

«እኔን ነው ያየሽው አክስቴ።»

«አንተንማ አውቅሃለሁ። ስትወረውር ምላስህን ትነክሳለህ፣ ከሕፃንነትህ ጀምሮ። ትናንት አልነከስክም። ትስቅ ነበር።»

«እኔ?»

«ጥርስህን ገልጠህ። ይሄን ያህል ዓመት አስቁመነው፣ ምንም አላደገም።»

ኤሊሂዮ ሳህኑን ገፋ አደረገው። ከዚያም በኋላ ብዙ ጊዜ የሚጸጸትበትን ነገር ተናገረ። «ታዲያ ደስ አይልሽም? በየእሑዱ መጥተሽ ልታይው ትችያለሽ።»

ኔሬይዳ የቀሚሷን ጠርዝ ጣቷ ላይ እየጠቀለለች ፈታች፣ እየጠቀለለች ፈታች።

«ደስ ይለኛል» አለች። «ለዚህ ነው ሁለተኛ የማልመጣው።»

ከዚያ ወዲህ ስለ ዘጠኙ ቀን አላነሳችም። እሱም አላነሳም። የቪዛው ቀጠሮ ለሚቀጥለው ሳምንት ሐሙስ ነበር።

ከሐሙሱ በፊት ባለው እሑድ ፔሊካኖስ ለፍጻሜ ለማለፍ ይጫወቱ ነበር። ስታዲየሙ ጢም ብሎ ሞልቷል፤ ኤሊሂዮ የገባው በስምንተኛው ዙር ነው። የመጀመሪያውን መቺ ሸኘ። ሁለተኛው ሲመጣ ኳሷን በእጁ እያሸ ሳለ አንድ ትዝታ መጣበት። ኔሬይዳ ጀርባ ላይ ታዝሎ የመስኖውን ቦይ ሲሻገር። ውኃው እስከ ጉልበቷ ደርሶ፣ የቀሚሷ ጠርዝ ረጥቦ፣ አንገቷ ሳሙና ሳሙና ሲሸት፣ ከጆሮዋ ሥር ያለችውን ጥቁር ነጥብ በጣቱ ሲነካ። ጥርት ያለ ትዝታ ነበር፤ ሙቀቱ እንኳ ነበረው። የእሱ ግን ሊሆን አይችልም። ኔሬይዳ ዊልቶንን አርግዛ ከከተማ ወደ መንደሩ ስትመጣ ኤሊሂዮ አምስት ዓመት ሊሞላው ነበር፤ እሷም አዝላው አታውቅም።

የገዛ እናቱን ሊያስታውስ ሞከረ። ቪርታ። ስሟን አገኘው፤ ፊቷ ግን አልመጣም። ድምጿን ፈለገ፣ አጣው። ገጀራ አያያዝ ያስተማረውን የአባቱን እጅ ፈለገ፤ የኔሬይዳ ጓሮ፣ የኔሬይዳ አልጋ፣ የኔሬይዳ መዝሙር ብቻ ነበር የመጣለት። ዳኛው ወርውር ብሎ ጮኸ። ክንዱ ተነሳ። መቺው ስቶ ሲዞር ስታዲየሙ ቆሞ ዊልቶን፣ ዊልቶን እያለ ጮኸ፤ ኤሊሂዮ አፉን ሲዳስሰው እየሳቀ ነበር። ከንፈሩን በጥርሱ ይዞ ሊያስቆመው ሞከረ። ሳቁ አልቆመም።

ከጉብታው ወረደ። አሠልጣኙ መቀመጫው ላይ እንዳለ ሄዶ ኳሱን ጭኑ ላይ አስቀመጠለት።

«ምን ሆንክ? አሞህ ነው?»

«ሌላ ሰው አስገባ» አለው ኤሊሂዮ።

«ሁለት ሰው ነው የቀረህ እኮ፣ አንተ ግራኝ። አሜሪካኖቹ እያዩህ ነው።»

ኤሊሂዮ አለፈው። በልብስ መቀየሪያው በኩል ወጣ፤ ማሊያውን እንደለበሰ ከስታዲየሙ በር የቆመ ታክሲ ውስጥ ገባ። ሹፌሩ ጨዋታውን በራዲዮ እያዳመጠ ነበር፤ በመስታወቱ አየውና ራዲዮውን አጠፋ። ወደ ሸንኮራው እርሻ ይዞት ሄደ።

ኔሬይዳ ደጃፏ ላይ ተቀምጣ ነበር። ማሊያውን አየች፣ ሰዓቱን ገመተች፤ ጨዋታው እንዳላለቀ ገባት። ነገ እንጀምር አላት። ተነሥታ ወደ ውስጥ ገባችና ከሣጥኑ ሥር ነጭ አንሶላ አወጣች፤ ተተኩሶ የታጠፈ፣ እጥፋቱ በዘመን ብዛት ቢጫ የሆነ። ለዚሁ ጉዳይ ስታኖረው እንደቆየች አልተናገረችም።

«ዛሬ» አለች። «ለምን ነገ?»

አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ የሠፈሩ ጸሎት መሪ ኢዲሊያ መጣች፤ ሰማንያ ዓመቷ ነው፣ ያልሸኘችው ሰው የለም። ጠረጴዛው ነጭ ለበሰ፣ ሻማ በራ፣ የውኃ ብርጭቆ ተቀመጠ። ጎረቤቱ ወንበር ተሸክሞ መጣ። የማን ነው ብሎ የጠየቀ አልነበረም። ኢዲሊያ ስሙን ሳትጠራ ወደ ኔሬይዳ ዞረች። ኔሬይዳ፣ ዊልቶን፣ ልጄ አለች። በክፍሉ ውስጥ የነበሩት ሴቶች ለረጅም ጊዜ የያዙትን ትንፋሽ እንደለቀቁ ሁሉ አንድ ላይ ተነፈሱ።

በሦስተኛው ቀን ዶን ሞንቾ በመኪናው መጣ። አርጅቷል፤ ኮፍያው ግን ያው ነው። በሩ ላይ ቆሞ ጸሎቱ እስኪያልቅ በትዕግሥት ጠበቀና ኤሊሂዮን ወደ ማንጎው ሥር ወሰደው። ወሬው ከተማ ደርሷል፤ ከአሜሪካኖቹ አንዱም ደውሎ ጠይቋል። መላ ግን አለኝ አለ፤ በዚህ አገር ዊልቶን የሚባል ሞልቷል፤ የሞተው ሌላ ዊልቶን ነው፣ የሩቅ ዘመድ ነው እንላቸዋለን። አንተ ብቻ ሐሙስ ከቆንስላው ተገኝ።

«ሌላ ዊልቶን የለም፣ ዶን ሞንቾ» አለ ኤሊሂዮ።

«ሞኝ አትሁን። በዚያ እጅህ አሥር ዓመት ትጫወታለህ።»

«እጁ የኔ አይደለም።»

ዶን ሞንቾ ሊስቅ ጀመረ። ከዚያ ወደ ኤሊሂዮ ግራ እጅ ተመለከተ፤ የወጣት እጅ፣ የጥፍሩ ሥር እንደ ሕፃን የቀላ፣ ከቀኙ ጋር አንድ ሰው ላይ የበቀለ የማይመስል። ሳቁን ሳይጨርሰው ተወው። ኢዲሊያ በሩ ላይ ሆና፣ ቆሞ ከማውራት ገብተህ ብትጸልይ ምን አለበት፣ ያኔም ሬሳ ላይ ስታወራ ነበር አለችው። ዶን ሞንቾ ኮፍያውን አውልቆ ገባ። ከኋላ ረድፍ ተቀምጦ እስከ መጨረሻው ጸለየ፤ ሲወጣም ማንንም አልተሰናበተም።

ሐሙስ መጣ፣ አለፈ። ኤሊሂዮ ያን ጠዋት ለኔሬይዳ እንጨት ፈለጠ። ፔሊካኖስ ያለ እሱ ተጫውተው ተሸነፉ። እጁ ከቀን ወደ ቀን ይበልጥ ይቀዘቅዝ ነበር፤ በጸሎት ሰዓት ጉልበቱ ላይ አስቀምጦት ሳለ ጣቶቹ በራሳቸው እየታጠፉ ያቺን ኳስ የሚይዙበትን አያያዝ ይይዛሉ፣ ይለቃሉ፣ ደግመው ይይዛሉ። ከጎኑ የተቀመጠች ሴት አይታ ወንበሯን ራቅ አደረገች።

በዘጠነኛው ቀን ክፍሉ ሞልቶ ሰው እስከ ግቢው ተርፎ ነበር። አሥራ ሁለት ሰዓት ሲሆን ሴቶቹ ሻማዎቹን አንድ በአንድ አጠፉ፣ ውኃውን ደጅ ደፉ፣ አንሶላውን ከአራት ማዕዘን ይዘው አጠፉት። ወንበሮቹ ወደ ግራና ቀኝ ተገፍተው ከጠረጴዛው እስከ በሩ መንገድ ተከፈተ። በሩ ወለል ተደረገ። ግቢው ውስጥ የነበሩት ፊታቸውን ወደ ሸንኮራው አዞሩ፤ የሚወጣውን አያዩትም።

ኢዲሊያ ብድግ አለች።

«ዊልቶን፣ የኔሬይዳ ልጅ። ከዚህ ቤት ጉዳይህን ጨርሰሃል። ሂድ።»

በክፍሉ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ዊልቶን የሚለውን ስም ሲሰማ ወደ ኤሊሂዮ ዞረ። ማንም አስቦበት አይደለም፤ አሥራ ስድስት ዓመት የለመደ ዓይን ነው። ኤሊሂዮም ተነሣ። እሱም አላሰበበትም። ስም ሲጠራ የሚነሣ ሰው እንደሚነሣ ተነሣ፤ ግራ እጁ ወደ ፊት ተዘርግቶ፣ ሌላ ሰው ይዞ እንደሚመራው ሁሉ፣ በተከፈተው መንገድ መራመድ ጀመረ። ፊቱ ላይ ፍርሃት አልነበረም። ፈገግ ብሎ ነበር።

ኔሬይዳ በሩ አጠገብ ተቀምጣ ነበር። ልጄ ልትል አፏን ከፈተች፤ መልሳ ገጠመችው። ሲያልፍ ቀኝ እጁን ያዘችው።

«ኤሊሂዮ» አለች።

አልዞረም። አንድ እግሩ ከደፉ ወጥቶ ነበር።

«ኤሊሂዮ።»

ክንዷ ተወጠረ። የታመመች ሴት ናት፤ የሚጎትታት ግን የአንድ ሰው ጉልበት ብቻ አልነበረም። ከወንበሯ ግማሽ ተነሥታ፣ ወደ ግቢው ሳታይ፣ ዓይኗን ከቀኝ እጁ ላይ ሳትነቅል ተናገረች።

«ኤሊሂዮ፣ የእህቴ የቪርታ ልጅ። ተቀመጥ። አንተን የሸኘህ የለም።»

ያኔ ቆመ። የቪርታን ስም ሲሰማ መጀመሪያ የመጣለት የእናቱ ፊት ሳይሆን ሳሏ ነበር፤ ጠዋት ጠዋት እሳት ስታያይዝ የምታስለው አጭር ሳል። ፊቷ ከሳሉ በኋላ መጣ። ከዚያም ግራ እጁ፣ የያዘው ነገር እንደለቀቀው ሁሉ፣ ከጎኑ ወደቀ፤ ሕመሙም በአንድ ጊዜ ደረሰ። ትከሻው፣ ክርኑ፣ የእጁ አንጓ፤ አሥራ ስድስት ዓመት የወረወረ ሰው ሕመም በሙሉ። ደፉ ላይ ተቀመጠና እጁን ጭኑ ላይ ታቀፈው። ከአውራ ጣቱ ሥር የገጀራው ጠባሳ ነበር። ውጭ የሸንኮራው ቅጠል ከዳር እስከ ዳር ተንሿሿ፤ ነፋስ አልነበረም። ኔሬይዳ ድምፁ ርቆ እስኪጠፋ አዳመጠች። ከዚያ ቀኝ እጁን ለቀቀችው።

ሰዉ አንድ በአንድ ወጣ። በኤሊሂዮ በኩል ሲያልፉ ትከሻውን ነካ እያደረጉ ነበር፤ በስሙ የጠራው ግን አልነበረም፤ ምን ብለው እንደሚጠሩት አላወቁም። ክፍሉ ባዶ ሲሆን ኔሬይዳ አንሶላውን ሣጥን ውስጥ ከተተች። ፊቷን ግድግዳው ላይ አድርጋ ትንሽ ቆየች። ስትዞር ድምጿ የዘወትሩ ነበር።

«ወንበሮቹ የሰው ናቸው» አለችው። «ሳይመሽ መልሳቸው።»

በግራ እጁ አንድ ወንበር ሊያነሳ ሞከረ፤ ከእጁ አመለጠው። በቀኙ ሁለት ሁለት እያደረገ ከቤት ቤት ያዞራቸው ጀመር። የመጀመሪያዋ ጎረቤት በር ከፈተችለት፤ የለመደችውን ስም ልትጠራ ጀምራ አቆመች። ወንበሩን ተቀብላ ግድግዳው ጥግ አስቀመጠችና፣ ታዲያ ከእንግዲህ ማን እንበልህ ብላ ጠየቀችው።

ነገራት። መጀመሪያ ድምፁ አልወጣለትም ነበርና ሁለት ጊዜ ነው የነገራት።